የጀርመን ተቃውሞ መታሰቢያ በበርሊን፦ የኮሎኔል ሽታውፈንበርግ ጦርነት ከቢሮው ሲታይ

ስለ ኮሎኔል ክላውስ ፎን ሽታውፈንበርግ ለማወቅ በርሊን የሚሄድ ሰው ታንክ፣ ጠመንጃና የደንብ ልብስ አያለሁ ብሎ ከሆነ ሌላ ሙዚየም ይፈልግ። በሽታውፈንበርግሽትራሰ ቁጥር 13-14 የሚገኘው የጀርመን ተቃውሞ መታሰቢያ ከሞላ ጎደል ሰነድ፣ ፎቶግራፍና ጽሑፍ ነው። ያም ሆኖ ይህን መኮንን ለመረዳት ከዚህ የተሻለ ቦታ የለም። ሽታውፈንበርግ የጦርነቱን ትልቁን ድርሻ የተዋጋው በስልክና በወረቀት ነው፤ እ.ኤ.አ. ሐምሌ 20 ቀን 1944 ሂትለርን በቦንብ ገድሎ ሥልጣን ለመያዝ የተሞከረው መፈንቅለ መንግሥትም የተመራው፣ የከሸፈውም በዚሁ ሕንፃ ክፍሎች ውስጥ ነው። ቀኑ በእኛ አቆጣጠር ሐምሌ 13 ቀን 1936 መሆኑ ነው። ከዚህ በታች ያሉት ቀናት፣ ወራትና ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

በመጀመሪያ ለጎብኚ የሚያስፈልገውን እንጨርስ። መግቢያ አይከፈልም። በጆሮ የሚሰማው የድምፅ መምሪያም ነፃ ነው፤ መሣሪያውን ለመውሰድ መያዣ ሊጠየቅ ስለሚችል መታወቂያ ይዞ መሄድ ይበጃል። ከሰኞ እስከ ዓርብ ከጠዋቱ 3 ሰዓት እስከ ምሽቱ 12 ሰዓት፣ ሐሙስ እስከ ምሽቱ 2 ሰዓት፣ ቅዳሜና እሑድ ከጠዋቱ 4 ሰዓት ጀምሮ መክፈት የተለመደ አሠራሩ ነው፤ በበዓል ሰሞን ግን አስቀድሞ ማረጋገጥ ጥሩ ነው። ኤም 29 አውቶቡስ በመታሰቢያው ስም የተሰየመ ፌርማታ አለው። ከፖትስዳመር ፕላትስ ባቡር ጣቢያም በእግር ሩብ ሰዓት ገደማ ቢወስድ ነው። ግቢው ውስጥ የመከላከያ ሚኒስቴሩ የበርሊን መቀመጫም ስላለ የሚኒስቴሩን በር ትቶ 13-14 የሚለውን ቁጥር መከተል ነው። ቋሚው ኤግዚቢሽን 2ኛ ፎቅ ላይ ነው፤ አዲስ አበቤ ጂ ፕላስ 2 እንደሚለው ማለት ነው።

ጽሑፉ በጀርመንኛና በእንግሊዝኛ ጎን ለጎን ተቀምጧል። ጀርመንኛ እየተማረ ላለ ሰው ይህ ራሱን የቻለ ጥቅም አለው፤ ዓረፍተ ነገሮቹ አጫጭርና የተጣሩ ናቸው።

እ.ኤ.አ. በ2014 እንደገና የተሠራው ኤግዚቢሽን 18 ርዕሶች አሉት። የሠራተኛው ንቅናቄ፣ የአብያተ ክርስቲያናት ሰዎች፣ «ነጭ ጽጌረዳ» የተባለው የሙኒክ ቡድን ተማሪዎች፣ አይሁድ፣ ሲንቲና ሮማ የተባሉት ሕዝቦች፣ ሁሉም ቦታ ተሰጥቷቸዋል። የተለመደው ስሕተት ከቁጥር 1 ጀምሮ ሁሉንም ለማንበብ መሞከር ነው። በንባብ የሚሞላ ኤግዚቢሽን ስለሆነ አንድ ሰዓት ተኩል ካለፈ በኋላ ዓይን ይደክማል፤ ብዙ ጎብኚም ወደ ሽታውፈንበርግ ክፍል የሚደርሰው ዝሎ ነው። መኮንኑን ብሎ የመጣ ሰው ከግቢው ይጀምር፣ ቀጥሎ በጦር ሠራዊቱ ውስጥ ስለነበሩት ተቃዋሚዎችና ስለ ሐምሌ 20 ወደሚያወሱት ክፍሎች ይሂድ፣ ሌላውን ከዚያ በኋላ እንደ ጉልበቱ ይይ። በጥሞና ለሚያነብ ሁለት ሰዓት ተኩል ይበቃል።

ግቢው ችላ ተብሎ የሚታለፍ አይደለም። መሐል ላይ የቀራፂው ሪሻርድ ሻይበ ሥራ የሆነ እጆቹን የታሰረ ራቁት ወጣት የነሐስ ሐውልት ቆሟል፤ የተመረቀው በ1953 ነው። ከፍ ያለ መቆሚያ ላይ አልተሰቀለም፤ ከሰው ፊት ለፊት የቆመ ይመስላል። ግድግዳው ላይ ያለውን ጽላት ቀርቦ ማየት ያስፈልጋል። «እዚህ ለጀርመን ሞቱ» ይልና ሐምሌ 20 ቀን 1944 ብሎ አምስት ስም ይዘረዝራል፦ ጄኔራል ሉድቪግ ቤክ፣ ጄኔራል ፍሪድሪሽ ኦልብሪሽት፣ ኮሎኔል ሽታውፈንበርግ፣ ኮሎኔል አልብሬሽት ሜርትስ ፎን ክቪርንሃይምና ሌተናንት ቬርነር ፎን ሄፍተን። ቤክ በዚያው ምሽት ራሱን እንዲገድል ተገደደ። አራቱ ግን የተረሸኑት በወታደራዊ መኪና መብራት ፊት፣ እኩለ ሌሊት ካለፈ በኋላ ነው፤ ስለዚህ በትክክል ሲቆጠር ቀኑ ሐምሌ 21 ነው። አስከሬናቸው ሾነበርግ በሚገኘው የማቴዎስ ቤተ ክርስቲያን መቃብር ተቀብሮ ነበር፤ ኤስኤስ የተባለው የናዚ ፓርቲ ታጣቂ ኃይል አስወጥቶ አቃጠለው፣ አመዱንም በተነው። መቃብር ስለሌላቸው ይህ ግቢ እንደ መቃብር ሆኖ ያገለግላል፤ እዚህ ድምፅ ዝቅ ማድረግም ለዚሁ ነው።

ፎቅ ከመውጣት በፊት የሰውዬውን የውትድርና መንገድ በአጭሩ ይዞ መግባት ይጠቅማል፤ ኤግዚቢሽኑ ስለ ተቃውሞ እንጂ ስለ ዘመቻ ታሪክ የተሰናዳ ባለመሆኑ ጦር ሜዳውን ጎብኚው ራሱ መሙላት አለበት። ሽታውፈንበርግ ኅዳር 15 ቀን 1907 ተወለደ፣ በ1926 ባምበርግ በሚገኘው 17ኛው የፈረሰኛ ሬጅመንት ተቀጠረ፣ ከ1936 እስከ 1938 በበርሊን የጦር አካዳሚ ለኤታማዦርነት ተማረ። ከዚያ የተመደበው ቩፐርታል በነበረው በ1ኛው ቀላል ክፍለ ጦር ነው፤ አዛዡ ጄኔራል ኤሪሽ ሆፕነር ነበር። ይህ ስም ይያዝ፤ ኋላ ይመለሳል። ክፍለ ጦሩ ፖላንድን ከወረረ በኋላ 6ኛ ታንከኛ ክፍለ ጦር ተብሎ ፈረንሳይ ዘመተ። ሽታውፈንበርግ በሁለቱም ዘመቻ የነበረበት ሥራ ነዳጅ፣ ጥይት፣ ስንቅና የቁስለኛ ማመላለሻ በሰዓቱ ማድረስ ነበር።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ሳይሸፋፈን መነገር አለበት። ሽታውፈንበርግ ከመጀመሪያው የናዚ ተቃዋሚ አልነበረም። በ1939 ከፖላንድ ለባለቤቱ የጻፈው ደብዳቤ የአገሩን ሕዝብና አይሁድን በንቀት የሚገልጽ ነው፤ ድሉም አስደስቶት ነበር። አለቃው የነበረው ሆፕነርም በ1941 ሶቪየት ኅብረት ስትወረር ለወታደሮቹ ያወረደው ትእዛዝ ምሕረት የሌለው ነው። ይህን ሳያውቅ የሚገባ ጎብኚ ከግቢው ሐውልት ጋር የሚመሳሰል ንጹሕ ጀግና ይዞ ይወጣል። መታሰቢያው መኮንኖቹን ከሠራተኞች፣ ከተማሪዎችና በ1939 ሂትለርን ብቻውን ለመግደል ከሞከረው ከአናፂው ጌዎርግ ኤልዘር እኩል ማቆሙ ለዚህ ጥሩ መድኃኒት ነው፤ ትልቁ ብልኅነቱም ይኸው ነው።

ለመለወጡ ምክንያት የሆነውን የሥራ ቦታው ይነግረናል። ከ1940 አጋማሽ ጀምሮ በምድር ጦር ጠቅላይ ኤታማዦር የድርጅት ክፍል ተመደበ። የዚህ ክፍል ሥራ ስንት ሰው ሞተ፣ ስንት ቆሰለ፣ ስንት ምትክ አለ፣ አዲስ ክፍለ ጦር ከየት ይዋቀራል የሚለውን መቁጠር ነው። በ1942 መሥሪያ ቤቱ ዩክሬን ውስጥ ቪኒትሲያ ሳለ ቁጥሩ እንደማይገጥም አየ፤ የሚሞተው ከሚተካው በልጧል። በዚያው ዓመት ከግንባሩ ኋላ በአይሁድ ላይ የሚፈጸመው ጅምላ ግድያ ወሬ ሳይሆን እውነት መሆኑን ሰማ። ሒሳቡና ግፉ አንድ ላይ ሆነው ሂትለር መወገድ አለበት ወደሚለው መደምደሚያ አደረሱት።

በየካቲት 1943 ወደ ቱኒዚያ ተላከ። የ10ኛው ታንከኛ ክፍለ ጦር አዛዥ በፈንጂ ተገድሎ፣ የዘመቻ መኮንኑም ክፉኛ ቆስሎ ስለነበር በዘመቻ መኮንኑ ቦታ ተተካ። የካሰሪን ማለፊያ ውጊያ ላይ ደረሰ፣ ከዚያ ወደ ባሕሩ ማፈግፈግ ሆነ። ሚያዝያ 7 ቀን 1943 መዙና አጠገብ የሚያፈገፍጉትን መኪናዎች ሲያስተናብር የተባበሩት ኃይሎች አውሮፕላኖች ዝቅ ብለው ተኮሱባቸው። ግራ ዓይኑን፣ ቀኝ እጁንና ከግራ እጁ ሁለት ጣት አጣ። ከአሥር ጣቱ ሦስት ቀረው። ይህ ቁጥር በኋላ የቦንቡን ታሪክ ሁሉ የሚወስን ስለሆነ ከዚህ ወዲያ የሚታየውን በሦስት ጣት ማንበብ ነው።

ከጥቅምት 1943 ጀምሮ ወደዚህ ሕንፃ መጣ፤ መጀመሪያ የጄኔራል ኦልብሪሽት ኤታማዦር፣ ከሐምሌ 1944 ጀምሮ ደግሞ የመተኪያ ጦሩ አዛዥ የጄኔራል ፍሮም ኤታማዦር ሆነ። የመተኪያ ጦር የሚባለው አገር ቤት ምልምል የሚያሠለጥነውና ለግንባሩ ምትክ የሚልከው ኃይል ነው። ይህ ጦር «ቫልኪሪ» የተባለ እቅድ ነበረው፤ ሂትለር ራሱ ያጸደቀው፣ አገር ውስጥ ሁከት ቢነሳ ከየማሠልጠኛው ወታደር አሰባስቦ ለማረጋጋት የተዘጋጀ እቅድ ነው። ሴረኞቹ፣ በተለይ የጦር መኮንኑ ሄኒንግ ፎን ትሬስኮቭና ሽታውፈንበርግ፣ ይህንኑ ሕጋዊ ወረቀት አሻሽለው ሚኒስቴሮችን፣ ሬዲዮ ጣቢያዎችንና የኤስኤስ ጽሕፈት ቤቶችን ለመያዝ እንዲያገለግል አደረጉት። ትእዛዙን የሚቀበለው መኮንን የሂትለርን መንግሥት እየገለበጠ ሳይሆን እያዳነ ይመስለዋል። በኤግዚቢሽኑ ሰነዶች ፊት ረጅሙን ጊዜ መቆም ያለበት እዚህ ላይ ነው። የእቅዱን ቋንቋ፣ ማን ለማን እንደሚያዝ፣ የፊርማውን ቦታ ሲያዩ የኤታማዦር መኮንን ጉልበት ምን እንደሆነ ይገባል። ድካሙም እዚያው ይታያል፦ ከሂትለር ሌላ ትእዛዙን የማውጣት ሥልጣን ያለው ፍሮም ብቻ ነበር፤ ፍሮም ደግሞ የሚያሸንፈውን ወገን የሚጠብቅ ሰው ነበር።

ቦንቡ የፈነዳው በርሊን ሳይሆን ራስተንቡርግ አጠገብ ባለው «የተኩላ ዋሻ» በተባለው የሂትለር ጦር ሰፈር ነው፤ ዛሬ ፖላንድ ነው። የተዘጋጀው እያንዳንዱ አንድ ኪሎ ገደማ የሆነ ሁለት ጥቅል ፈንጂ ነበር። ማቀጣጠያው እንግሊዝ ሠራሽ፣ እርሳስ የሚያክል ቱቦ ነው። ውስጡ ያለው የመስታወት ብልቃጥ ሲሰበር አሲድ ይወጣና ቀጭን ሽቦ እየበላ ይቆያል፤ ሽቦው ሲበጠስ መቺው ይለቀቃል። ድምፅ የለውም፣ ሰዓት አይቆጥርም፤ ጉድለቱ ግን ከሙቀት ጋር መለዋወጡ ነው። ለ30 ደቂቃ የተሠራው በሞቃት ቀን በጣም ሊያጥር ይችላል፤ ቀኑ ደግሞ ሞቃት ነበር። ብልቃጡን ለመስበር ለሦስት ጣት እንዲመች እጀታው የታጠፈ ፒንሳ ተዘጋጅቶለት ነበር።

በዚያ ቀን ከሰዓት በኋላ ሙሶሊኒ ስለሚመጣ ስብሰባው ወደ 12፡30 (በእኛ ከቀኑ 6፡30) እንዲቀድም ተደረገ። ኢትዮጵያን የወረረው ሰው ሥልጣኑን አጥቶ የሂትለር ጥገኛ ሆኖ ነበር የሚመጣው። ሽታውፈንበርግ ሸሚዝ ልቀይር ብሎ ከሄፍተን ጋር ክፍል ገባ፤ አንዱን ጥቅል እንዳቀጣጠለ አንድ የበታች ሹም በሩን ከፍቶ ቶሎ በል አለው። ሁለተኛው ጥቅል ከሄፍተን ጋር ቀረ። ብዙ ባለሙያዎች የሚስማሙበት ትልቁ ስሕተት ይህ ነው፦ ሁለተኛው ማቀጣጠያ ባይኖረውም እንኳ ቦርሳው ውስጥ ቢገባ ኖሮ ከመጀመሪያው ጋር አብሮ ይፈነዳ ነበር። ጊዜ ያጣ፣ ሦስት ጣት ያለው፣ በር የተከፈተበት ሰው ግን ይህን ለማሰብ ፋታ አላገኘም።

ቦርሳው ጠረጴዛው ሥር ተቀመጠ፤ ሽታውፈንበርግ ስልክ አለብኝ ብሎ ወጣ። ኮሎኔል ሃይንትስ ብራንት ቦርሳው እግሩን ስላስቸገረው ከወፍራሙ የጠረጴዛ እግር ማዶ እንዳሳለፈው ይነገራል። 12፡42 ላይ ፈነዳ። ክፍሉ ውስጥ 24 ሰው ነበር፤ ብራንትን ጨምሮ አራቱ ሞቱ፣ ሂትለር የጆሮ ታምቡሩ ተቀዶ ተረፈ። መስኮቶቹ ክፍት ስለነበሩና ቤቱ ስስ ግድግዳ ስለነበረው የፍንዳታው ኃይል ወደ ውጭ ወጣ። በኮንክሪት ምሽግ ውስጥ ቢሆን ውጤቱ ሌላ ነበር።

ከዚህ በኋላ ያለው የዚህ ፎቅ ታሪክ ነው፤ ጉብኝቱም ዋጋ የሚያገኘው እዚህ ነው። ሽታውፈንበርግ ሂትለር ሞቷል ብሎ አምኖ ሁለት ሰዓት ተኩል ገደማ በአውሮፕላን ላይ ሳለ፣ በርሊን የደረሰው የስልክ መልእክት ግልጽ ስላልነበረ ኦልብሪሽት ቫልኪሪን አላወጣም። ለፍርሃቱ ምክንያት ነበረው፦ ከአምስት ቀን በፊት፣ ሐምሌ 15፣ ትእዛዙን ቀድሞ አውጥቶ ሙከራው ሲቀር «ልምምድ ነው» ብሎ ሸፋፍኖታል፤ ይህ ለሁለተኛ ጊዜ አይሠራም። ትእዛዙ መውጣት የጀመረው ከቀኑ 10 ሰዓት ገደማ ሲሆን በምስጢር የተመደበ ስለነበረ በቴሌፕሪንተር ለመላክ ሰዓታት ፈጀ። በዚያው ሽቦ ከተኩላው ዋሻ «ሂትለር ሕያው ነው» የሚል ተቃራኒ ትእዛዝ ይደርስ ነበር። ፍሮም አልፈርምም አለ፣ ታሰረም። በእሱ ቦታ የተቀመጠው ያ የድሮው አዛዥ ሆፕነር ነው፤ ሂትለር በ1942 መጀመሪያ አባሮት የደንብ ልብስ እንዳይለብስ ስለከለከለው ልብሱን በሻንጣ ይዞ መጣ። ሬዲዮው ሥርጭቱን አላቋረጠም፤ ምሽት ላይ ሂትለር መትረፉን አስተላለፈ። የመንግሥት ሠፈሩን እንዲከብብ የታዘዘው ሻለቃ ሬመር የፕሮፓጋንዳ ሚኒስትሩ ጎብልስ ዘንድ ሄዶ በስልክ ከሂትለር ጋር ሲነጋገር ሁሉም አበቃ።

ይህን ሁሉ ይዞ በኮሪደሩ መሄድ ሰነድ ከማንበብ የተለየ ነው። ከአንዱ ቢሮ ወደ ሌላው ያለው ርቀት ጥቂት እርምጃ ነው፤ የአንድ አህጉር ዕጣ የተንጠለጠለው በእነዚህ ክፍሎች ስልኮች ላይ ነበር። አዘጋጆቹ ክፍሎቹን በሐሰተኛ ጠረጴዛና በሰም ምስል ስላልሞሉ ሊመሰገኑ ይገባል።

ጉድለቱን ደግሞ እንናገር። ለልጆችና ማንበብ ለማይወድ ሰው ይህ ቦታ ከባድ ነው፤ የሚዳሰስ፣ የሚንቀሳቀስ ነገር ጥቂት ነው። የዚያን ቀን የሰዓት ቅደም ተከተል ያልያዘ ጎብኚ በስሞች ብዛት ይዋጣል። ስለዚህ ቢያንስ አራት ሰዓቶችን በአውሮፓውያን አቆጣጠር ጽፎ መያዝ ጥሩ ነው፦ 12፡42 ፍንዳታ፣ 16፡00 የትእዛዙ መውጣት፣ 18፡30 ገደማ የሬዲዮው ዜና፣ እኩለ ሌሊት መረሸን። ሐምሌ 20 ቀን ግቢው ለዓመታዊው ሥነ ሥርዓት ስለሚያዝ ለጉብኝት ሌላ ቀን መምረጥ ነው። ለቡድን የሚሰጠው ማስጎብኘት በነፃ ቢሆንም አስቀድሞ መያዝ አለበት፤ ቤተ ክርስቲያን ወይም ማኅበር ይዞ ለሚመጣ ሰው ይህን አጥብቀን እንመክራለን። 3ኛው ፎቅ ላይ አይሁድን የደበቁ ሰዎችን የሚያስታውሰው «ዝምተኞቹ ጀግኖች» ኤግዚቢሽን አለ፤ ለእሱ ሌላ አንድ ሰዓት ይመደብለት።

ጊዜ ያለው ሰው ከሰዓት በኋላ ፕሎትሰንዜ ይሂድ፤ ይህም በነፃ ነው፤ 123 አውቶቡስ ያደርሳል። ከ1933 እስከ 1945 ከ2,800 በላይ ሰዎች የተገደሉበት እስር ቤት ነው። የሚታየው አንዲት ጡብ ቤት፣ ጣሪያው ሥር የተዘረጋ ብረትና መንጠቆዎቹ ናቸው። ነሐሴ 8 ቀን 1944 በመጀመሪያ ከተሰቀሉት ስምንት ሰዎች አንዱ ሆፕነር ነበር፤ ከሁለት ቀን በኋላ የሽታውፈንበርግ ወንድም በርቶልድ ተከተለው። የኮሎኔሉ ነፍሰ ጡር ባለቤት ኒና ታሰረች፣ አራቱ ልጆች ተወስደው ባድ ዛክሳ በሚገኝ የሕፃናት ማቆያ ገቡ፤ አምስተኛዋ ልጅ በጥር 1945 እናቷ በእስር ላይ ሳለች ተወለደች።